ጥያቄና መልስ፦ የአያት ምንሽር፣ የሠርግ ተኩስና የሰፈር ዘበኛ

ሰሞኑን ከአዳማ አንባቢያን የደረሱኝ ጥያቄዎች አብዛኞቹ የጦር መሣሪያን የሚመለከቱ በመሆናቸው ለአራቱ በአንድነት መልስ እሰጣለሁ።

«አባታችን አርፈው ንብረታቸውን ከአርሲ ወደ አዳማ ስናመጣ የአያታችን ምንሽር አብሮ መጣ። ፈቃድ የለውም። እኅቴ ከቤት ይውጣ ትላለች፤ እኔ ግን የቤተሰብ ታሪክ ነው እላለሁ።»

በ2012 ዓ.ም. የወጣው የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1177 ያለ ፈቃድ መሣሪያ መያዝን ስለሚከለክል፣ እኅትዎ ያሉት ትክክል ነው። ጠመንጃውን ጠቅልለው ባጃጅ ውስጥ እንዳይገቡ አደራ እላለሁ፤ በመጀመሪያ ባዶ እጅዎን ፖሊስ ጣቢያ ሄደው ያመልክቱና እነርሱ በሚነግሩዎት መንገድ ያስረክቡ ወይም ያስመዝግቡ። በልጅነቴ በእኛም ቤት ከአባቴ አልጋ ራስጌ አንድ ጠመንጃ ተሰቅሎ ይኖር ነበር። ጥይት እንደሌለው ቤተሰቡ ሁሉ እርግጠኛ ስለነበር እኔና የአጎቴ ልጅ እያወረድን እንጫወትበት ነበር። አንድ ቀን አጎቴ ሊወለውለው አውርዶ መቀርቀሪያውን ሲስብ፣ አንዲት ጥይት ዘልላ ወለሉ ላይ ስትወድቅ የሰማሁት ድምፅ እስከ ዛሬ አልጠፋኝም። ዝናሩ ባዶውን ከአያትዎ ፎቶግራፍ አጠገብ ቢሰቀል ለታሪክ የሚበቃ ይመስለኛል።

«በሠርግ ወደ ሰማይ መተኮስ ማንን ይጎዳል?»

ወደ ላይ የተተኮሰ ጥይት ይመለሳል፤ ሲመለስም ሰው ሊገድል ይችላል። ቤቱ በቤት ላይ በተደራረበበት ከተማ የት እንደሚያርፍ ተኳሹ አያውቅም። የጎረቤቴ ቆርቆሮ ጣሪያ ላይ በጥምቀት ሰሞን የተገኘችው የጣት ጫፍ የምታክል ቀዳዳ ክረምት ሲገባ አልጋ ላይ ስታንጠባጠብ ከርማለች። ከበታቿ የሕፃን አልጋ ነበር። ለደስታው እልልታና ጭፈራ አለን።

«አሜሪካ ያለው ወንድሜ ሁለት ሽጉጥ አለው። እኛስ ለምን አይፈቀድልንም?»

የእነርሱ መብት እ.ኤ.አ. በ1791 በጸደቀው የሕገ መንግሥታቸው ሁለተኛ ማሻሻያ ላይ የቆመ ሲሆን፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸውም በ2008 ግለሰብ ራሱን ለመከላከል በቤቱ መሣሪያ መያዝ እንደሚችል ወስኗል። ሆኖም በዚያች አገር በጦር መሣሪያ ከሚሞቱት ከግማሽ በላይ የሚሆኑት ራሳቸውን የሚያጠፉ ናቸው። ሌባ ይመጣል ተብሎ የተቀመጠው ሽጉጥ ባለቤቱ በከፋው ሌሊት ቅርቡ ሆኖ ይገኛል ማለት ነው። በአንጻሩ አውስትራሊያ በ1996 በፖርት አርተር 35 ሰዎች ከተገደሉ በኋላ ከ600,000 በላይ መሣሪያዎችን ከሕዝቡ እጅ ገዝታ ሰብስባለች። ለከተማ ቤት የእኔ ምርጫ ይህ ሁለተኛው ነው፤ ከብቱን ከአውሬና ከዘራፊ ሲጠብቅ በሚያድር አርብቶ አደር ላይ ግን ተመሳሳይ ፍርድ ለመስጠት አልደፍርም።

«አራት ጎረቤታሞች ገንዘብ አዋጥተን ዘበኛ ቀጥረናል። መሣሪያ እናስይዘው?»

ቀን የጉልበት ሥራ ውሎ ማታ የሚጠብቅ ሰው እንቅልፍ ይጥለዋል፤ እርሱ ሲተኛ መሣሪያው በማን እጅ እንደሚገባ አስቡት። በመዋጮው በመጀመሪያ የጠፋውን የበር መብራት አስጠግኑ፣ ፊሽካና ጥሩ ባትሪም ግዙለት።