የጌርማን ፊልም ዓመት ለምን ይለያያል?

የሶቪየቱን ዳይሬክተር የአሌክሴይ ጌርማንን ፊልሞች በዓመት ልትደረድር ፈልገህ፣ «የመንገድ ላይ ፍተሻ» የ1971 ነው ወይስ የ1986 ላልከው፣ ሁለቱም ልክ ናቸው። ጌርማን ፊልሙን የሠራው እ.ኤ.አ. በ1971 ነው፤ ለሕዝብ የታየው ግን በ1986። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ለጀርመኖች አድሮ ኋላ ወደ ሶቪየት ሽምቅ ተዋጊዎች የተመለሰን የሶቪየት ወታደር በርኅራኄ ስላሳየ፣ ሳንሱር ያን ሁሉ ዓመት ቆለፈበት። ያሳዝናል፣ ምርጥ ፊልም ነው።

አንተ ሥራዎቹን በተሠሩበት ዓመት ደርድራቸው። ያኔ ይሄኛው ከ1976ቱ «ያለ ጦርነት ሃያ ቀናት» በፊት ይገባል፤ የአሠራሩ ለውጥም በደንብ ይታይሃል።

አንድ ነገር ግን ተጠንቀቅ። ልጁም ዳይሬክተር ነው፣ ስሙም አሌክሴይ ጌርማን። እኔ በ2008 የወጣውን የልጁን «የወረቀት ወታደር» የአባቱ መስሎኝ እስከ መጨረሻው አይቻለሁ። አባትየው በ2013 ሲሞት የመጨረሻ ፊልሙን ያጠናቀቁት ባለቤቱና ይሄው ልጁ ናቸው።