«ኰለል» ያለ ውሃ የጠራ ነው ወይስ የሚፈስ?

ከደብረ ማርቆስ የጻፉልኝ አንባቢ «ኮለል ያለ ውሃ» ሲባል የሚነገረው ስለ ጥራቱ ነው ወይስ ስለ አፈሳሰሱ፣ ቃሉስ ከዓይን ኩል መጣ የሚባለው እውነት ነውን ሲሉ ጠይቀዋል።

ማስረጃው ከጠያቂው ደጅ ነው። በሐምሌ የጨሞጋ ወንዝ የጮቄን ተራራ አፈር ጠርጎ ደፍርሶ ሲወርድ «ኮለል አለ» የሚል ጎጃሜ የለም፤ ወንዙ «ሞላ» ነው የሚባለው። ክረምቱ ወጥቶ፣ ውሃው ከቁርጭምጭሚት ሳያልፍ፣ ሥሩ ያለው ጠጠር እየታየ፣ በላዩ እየተሽሎከሎከ ሲወርድ ግን ቃሉ ቦታውን ያገኛል። የጠራም ቢሆን ለቆመ ውሃ ግን አይባልም። ስለዚህ መነሻው ለዘብ ያለ እንቅስቃሴ ነው፤ ጥራት ተከትሎ የመጣ ትርጉም ነው።

ከኩል ጋር የሚያዛምዱትን የድምፅ መመሳሰል አታሏቸዋል። ኩል በግእዝ «ኵሕል» ነው። አማርኛ የጕሮሮን ድምፅ ሲጥል በግሱ ውስጥ በቦታው «ኣ»ን ስለሚተካ፣ ሰሐበ «ሳበ»፣ ጸሐፈ «ጻፈ» እንደ ሆነ ሁሉ የኩሉም ግስ «ኳለ» ሆኗል። በ«ኰለል» ውስጥ የዚህ ምልክት ፈጽሞ የለም፤ በዚያ ላይ «ለ» ተደግማለች።

በዲቃላው ፊደል በ«ኰ» የምጽፈውም በምክንያት ነው። «ሰበር አለ» ጥቂት መሰበርን፣ «ስብር አለ» ጨርሶ መሰበርን እንደሚያሳይ፣ «ኰለል አለ» ለዘብ ያለውን ፍሰት፣ «ኵልል አለ» ፍጹም የጠራውን ያሳያል። የአንዱ መነሻ ፊደል ግእዝ (አንደኛው)፣ የሌላው ሳድስ (ስድስተኛው) መሆኑ የሚታየው በ«ኰ» እና በ«ኵ» ሲጻፉ ብቻ ነው፤ በ«ኮ» እና በ«ኩ» ሲጻፉ ዝምድናቸው ይጠፋል። ማተሚያ ቤቱ ሁሉ በ«ኮ» መጻፉን አውቃለሁ፤ እኔ ግን አልተወውም።

ሥሩን ከዚህም አርቀን ብንፈልግ፣ «ፏፏቴ» ከ«ፏፏ» እንደ ወጣ ይህም ውሃው በጠጠር ላይ ከሚያሰማው ድምፅ የወጣ ነው ብዬ አምናለሁ። ድምፅ አስመሳይ ቃል እንደ «ፏፏ»ና «ኳኳ» ይደጋገማል እንጂ እንደ ሦስት ፊደል ግስ በርባታ አይለዋወጥም የሚሉ አሉ። ክርክራቸው ቀላል አይደለም፤ ጆሮዬ ግን አይቀበለውም።

ዛሬ «ኵልል ያለ ድምፅ»፣ «ኵልል ያለ አማርኛ» ሲባል ደስ ይለኛል፤ ድምፅም ንግግርም ይፈስሳሉና። በጠርሙስ የታሸገን ውሃ «ኵልል ያለ» ማለት ግን ይከብደኛል። ሆኖም አነጋገሩ ከሰው አፍ ገብቶ ስለ ቆየ ስሕተት ነው ማለት አልችልም። «ኰለል» ግን ለቆመ ውሃ አይሆንም።