አደጋው ቢላዋው ላይ ነው

ጥያቄ፦ በኮንጎ ኢቦላ በተነሣ ቁጥር የዱር እንስሳት ሥጋ ይወቀሳል። ሥጋው ግን ይቀቀላል፤ ብዙውም በጭስ ደርቆ ነው ገበያ የሚወጣው። ቫይረሱን እሳት አይገድለውም ወይ?

መልስ፦ ይገድለዋል። ውስጡ ድረስ የበሰለ ሥጋ ኢቦላ አያስይዝም። ጣጣው ያለው ሥጋው እሳት ከማየቱ በፊት ነው፤ ሲገፈፍ፣ ሆድ ዕቃው ሲወጣ፣ ሲበለት። ደሙ በጣት ጭረት ወይም በዓይን ከገባ በቂ ነው። እ.ኤ.አ. በ1996 በጋቦን ማዪቡት በተባለች መንደር ጫካ ውስጥ ሞቶ የተገኘ ቺምፓንዚ ተበልቶ ነበር፤ ቀድመው የታመሙት በብለታው እጃቸውን ያስገቡ ሰዎች ናቸው። ወረርሽኙ 21 ሰው ገደለ። ቺምፓንዚ እንደ ሰው በኢቦላ ስለሚሞት፣ ወድቆ የተገኘ ሬሳ ተተኩሶ ከተገደለው ይብሳል። የሌሊት ወፍ ግን ቫይረስ ተሸክሞ ጤነኛ ሊመስል ስለሚችል «ደህና እንስሳ ነው» ማለት ዋስትና አይሆንም። ጭስም ቢሆን ላዩን ያደርቃል እንጂ ውስጡን ሁልጊዜ አያበስልም።

ቢላዋና መክተፊያ መጀመሪያ በሳሙና ይታጠባል፤ ደም ከቀረ የበረኪናውን ጉልበት ይበላዋል። ከዚያ 5 በመቶ የሆነ በረኪና 1 እጅ በ9 እጅ ቀዝቃዛ ውሃ ተበርዞ ለ10 ደቂቃ ይቀመጥበታል። የአደረ ብርዝ አይሠራም። የዱር እንስሳ ከነካ በኋላ በ21 ቀን ውስጥ ትኩሳት የያዘው ሰው መንካቱን ለሐኪም ይንገር።

ሥጋውን ብቻ መውቀስ ግን ልክ አይደለም። እ.ኤ.አ. ከ2013 መጨረሻ እስከ 2016 በምዕራብ አፍሪካ ከ11,000 በላይ ሰው የጨረሰው ወረርሽኝ የተዛመተው ከሰው ወደ ሰው ነው፤ በማስታመምና በቀብር።

ጥያቄ፦ በእኛ ገጠር በሬ ድንገት ሲታመም ሳይሞት ይታረድና ለቅርጫ ይከፋፈላል። ጥሩ አድርገን ብንቀቅለው ይበላል?

መልስ፦ አይበላም። አባ ሰንጋ ከሆነ እዚህ እሳት አያስተማምንም፤ በሬው ተከፍቶ አየር ሲያገኘው ባክቴሪያው ተራ ማፍላት የማይበግረው ስፖር (በጠንካራ ሽፋን ተጠቅልሎ እንደ ዘር የሚቆይ መልክ) ይሆናል፤ አፈር ውስጥም ለብዙ ዓመታት ይቆያል። ድንገት የሞተ፣ ቶሎ የተነፋ፣ ከአፍንጫው ወይም ከፊንጢጣው የማይረጋ ጥቁር ደም የሚወጣ ከብት ፈጽሞ አይገፈፍ፤ ቆዳው አያጓጓ። የእንስሳት ሐኪም ጠርታችሁ ሳይከፈት ይቃጠል ወይም 2 ሜትር ጥልቀት ይቀበር። የነካው ሰው ላይ መሐሉ የጠቆረ፣ የማያም ቁስል ከወጣ አባ ሰንጋ ሊሆን ይችላልና በዚያው ቀን ጤና ጣቢያ ይሂድ፤ በጊዜ ከደረሰ በአንቲባዮቲክ ይድናል።