ዕድገት ሲያልፋችሁ ቀን ቁጠሩ

ልጆቼ፣

አሜሪካ ውስጥ በመንግሥት መሥሪያ ቤት 27 ዓመት በሒሳብ ሠራተኝነት አገልግዬ ጡረታ ወጥቻለሁ። ዛሬ ብዙዎቻችሁ በዋሺንግተንና በአካባቢዋ በፌዴራል ሥራ ላይ ናችሁ። ደስ ይለኛል። አንድ ነገር ግን ሳልነግራችሁ መቅረት አልፈልግም።

ከጂኤስ 9 ወደ ጂኤስ 11 ለማደግ አመልክቼ ነበር፤ ጂኤስ የፌዴራል ሠራተኛ የደሞዝ ደረጃ ነው። የሥራ ግምገማዬ በየዓመቱ ጥሩ ነው። የተመረጠው ግን ሥራውን ገና የሚለማመድ ሰው ሆነ። አለቃዬን ምክንያቱን ስጠይቀው “አነጋገርህ ለሰው አይገባም” አለኝ። እስከዚያ ቀን አልገባኝም ያለኝ ሰው አልነበረም። አንገቴን ደፍቼ ወጣሁ። ቤቴ ገብቼ “ለእግዜር ሰጥቼዋለሁ” አልኩ። ዝም አይነቅዝም እየተባልን አይደል ያደግነው?

ሦስት ወር ቆይቶም ነገሩ ከሆዴ አልወጣ አለ። አንዲት የሥራ ባልደረባዬን አማከርኳት። መጀመሪያ የጠየቀችኝ “መቼ ነው የሰማኸው?” ብላ ነው። ቀኑን ስነግራት ፊቷ ተለወጠ።

የፌዴራል ሠራተኛ በአድልዎ ዕድገት ተከለከልኩ ካለ በ45 ቀን ውስጥ የመሥሪያ ቤቱን የኢኢኦ (የእኩል የሥራ ዕድል) አማካሪ ማነጋገር አለበት። ቅዳሜና እሁድም ይቆጠራል። አለመመረጣችሁን ከሰማችሁበት ቀን ጀምራችሁ ቁጠሩ። ጊዜ ገደቡን አላውቅም ነበር ማለት አንዳንዴ ያድናል። እኔን አላዳነኝም። ቀኑን የሚናገረው ፖስተር ቡና ከምንቀዳበት ቦታ አጠገብ ተለጥፎ ነበር። በየቀኑ አልፈው ነበር።

ከአማካሪው ጋር የሚደረገው ንግግር አብዛኛውን ጊዜ 30 ቀን ይወስዳል። ሽምግልና ከመረጣችሁ እስከ 90 ቀን ሊሄድ ይችላል። ካልተስማማችሁ ደብዳቤ ይሰጣችኋል። ከዚያ በ15 ቀን ውስጥ መደበኛውን አቤቱታ ታስገባላችሁ። ምርመራ ይከተላል። ከምርመራው በኋላ ኢኢኦሲ (የእኩል የሥራ ዕድል ኮሚሽን) በሚመድበው ዳኛ ፊት ጉዳያችሁ እንዲሰማላችሁ መጠየቅ ትችላላችሁ። መንገዱ ረጅም ነው፣ አልዋሻችሁም። ከረታችሁ ግን ዕድገቱ ወደ ኋላ ተቆጥሮ ሊሰጣችሁ፣ የቀረባችሁ የደሞዝ ልዩነትም ሊከፈላችሁ ይችላል።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል። አለቃው ጓደኛውን ስላሳደገ ብቻ ይህ በር አይከፈትም። እ.ኤ.አ. በ1964 የወጣው የሲቪል መብቶች ሕግ የሚጠብቃችሁ በዘር፣ በቀለም፣ በሃይማኖት፣ በፆታ ወይም በትውልድ አገር ምክንያት ስትገፉ ነው። ዕድሜና አካል ጉዳትም የራሳቸው ሕግ አላቸው። አክሰንት፣ ማለትም የአነጋገር ቅላጼ፣ ከትውልድ አገር ጋር ይያያዛል። አነጋገራችሁ ሥራውን በእርግጥ ካላሰናከለ ዕድገት መከልከያ ሊሆን አይገባም። የእኔ ጉዳይ በዚህ ይታይ ነበር፣ ቀኑ ባያልፍ። ለዝምድናና ለወዳጅነት አድልዎ ደግሞ የልዩ አማካሪው ቢሮ (Office of Special Counsel) የሚባል ሌላ የፌዴራል መሥሪያ ቤት አለ። ዩኒየን ካላችሁ ውሉን አንብቡ። የቅሬታው ጊዜ ከ45 ቀንም ሊያንስ ይችላል።

የሥራ ማስታወቂያውን ከመዘጋቱ በፊት ኮፒ አድርጉ፣ በኋላ ከድረ ገጹ ሊጠፋ ይችላል። ግምገማችሁን በእጃችሁ ያዙ። አለቃችሁ በቃል የነገራችሁን ነገር ያንኑ ዕለት ማታ ከነቀኑና ከነሰዓቱ ጻፉት። ያቺን “አነጋገርህ” የምትል ቃል እኔ አልጻፍኳትም ነበር። የመሥሪያ ቤቱን ምስጢራዊ ሰነድ ግን ወደ ቤት እንዳትወስዱ፣ ጥፋቱ በእናንተ ላይ ይዞራል።

ቂም ይያዝብኛል ብላችሁ እንደምትፈሩ አውቃለሁ። እኔም ፈርቼ ነበር። አቤት ያለን ሰው መበቀል ራሱን የቻለ የሕግ ጥሰት ነው፣ ለብቻው አቤት ይባልበታል።

ነገ ሥራ ስትገቡ ያን ፖስተር ፈልጉት። ስልኩንና ኢሜይሉን መዝግቡ። አማካሪውን ስታነጋግሩም በኢሜይል ይሁን፣ ቀኑ ተጽፎ ይቀራል።