ፊዝኤክሱን አጥፉት፣ ጌሙ ይሂድ፦ ለደሴና ለኮምቦልቻ ተጫዋቾች ጥያቄና መልስ

ባለፈው ሳምንት «ጌም የሚንቀራፈፍባችሁ ጥያቄ አምጡ» ብዬ ነበር። ከደሴም ከኮምቦልቻም ከጠበቅኩት በላይ መጣ። የማታውቁኝ ካላችሁ ፒያሳ አካባቢ ኮምፒውተር እጠግናለሁ፤ ማታ ማታ ደግሞ እኔም እጫወታለሁ። ጥያቄው ሲታይ ግማሹ ዞሮ ዞሮ አንድ ቦታ ስለሚገባ ከዚያው እጀምራለሁ።

ጥያቄ (ከሰኞ ገበያ)፦ ማፊያ 2 ጫንኩ። መኪና ስነዳ ሰላም ነው፤ ተኩስ ሲጀመር ግን ስታክ ያደርጋል። ላፕቶፔ ኮር አይ 5 ነው፣ ለብቻው ግራፊክስ ካርድ የለውም። ምን ላድርግ?

መልስ፦ የጌሙ ሴቲንግ ውስጥ ግባና ቪዲዮ በሚለው ሥር ኤፔክስ ፊዝኤክስን ኦፍ አድርገው። አለቀ። ምክንያቱን ግን ልንገርህ፣ ለሌላውም ጌም ስለሚሆንህ።

ፊዝኤክስ ማለት የሚሰበረው፣ የሚበተነው፣ የሚውለበለበው ነገር እንዴት እንደሚንቀሳቀስ የሚያሰላ ፕሮግራም ነው። መጀመሪያ ኤጂያ የሚባል ኩባንያ ነበር የያዘው፤ በፈረንጆቹ 2006 ለዚህ ሥራ ብቻ የሚሆን ካርድ ሁሉ ሸጦ ነበር። በ2008 ግራፊክስ ካርድ የሚሠራው ኢንቪዲያ ኩባንያውን ገዛና ስሌቱ በራሱ ግራፊክስ ካርድ ላይ እንዲሠራ አደረገው። ጣጣው የመጣው እዚህ ጋ ነው። የኢንቪዲያ ካርድ በሌለው ኮምፒውተር ላይ ኦን ስታደርገው ብዙ ጌም «አይቻልም» አይልህም፤ ዝም ብሎ ሸክሙን ፕሮሰሰሩ ላይ ይጭነዋል። ግራፊክስ ካርድ በመቶ የሚቆጠሩ ትንንሽ ማስሊያዎች አሉት፣ ይሄን ሥራ ተካፍለው ይጨርሱታል። ያንተ ፕሮሰሰር ሁለት ወይ አራት ኮር (ትልልቅ ማስሊያ) ነው ያለው። በዚያ ላይ የዚያን ዘመን ፊዝኤክስ ፕሮሰሰር ላይ ሲወድቅ ባብዛኛው አንዱን ኮር ብቻ ነው የሚይዘው። ሦስቱ ቁጭ ብለው ቡና ሲጠጡ አንዱ ብቻውን ጆንያ ሲሸከም አስበው።

አሁን ቁጥሩን እየው። በሰከንድ 60 ፍሬም፣ ማለትም 60 ምስል፣ እንዲወጣ ከተፈለገ አንዷ ፍሬም በ16.7 ሚሊሰከንድ ማለቅ አለባት፤ 30 ይበቃኛል ካልክ 33.3 ሚሊሰከንድ አለህ። ስትነዳ የሚሰበር ነገር ስለሌለ ስሌቱ ቀላል ነው። ተኩስ ሲነሳ ግድግዳው ይፈረፈራል፣ መስታወቱ ይረግፋል፣ ኮቱ ይውለበለባል፤ ያቺን ጊዜ ፊዚክሱ ብቻውን ይጨርሳታል። ላፕቶፕህ ሰነፍ ሆኖ አይደለም።

አንድ ነገር ልጨምርልህ። ፍርስራሹ ሲበርር ማየት ከወደድክ ግማሽ መንገድ አለ። ማፊያ 2 ላይ ትልቁ በላተኛ የጨርቁ ስሌት ነው። ጌሙ የተጫነበት ፎልደር ውስጥ ኤዲት፣ እሱ ውስጥ ኤፔክስ፣ እዚያ ውስጥ ክሎዝ (ጨርቅ ማለት ነው) የሚል አለ። መጀመሪያ ኮፒ አስቀምጥ፣ ከዚያ የመንገደኞቹን የልብስ ፋይሎች አውጣቸው። የማያውቁህ መንገደኞች ኮት ባይውለበለብ ምን ቸገረህ። ግን ይሄ መካከለኛ የኢንቪዲያ ካርድ ላላቸው ነው የሚያዋጣው፤ አንተ ዝም ብለህ ኦፍ በል።

ጥያቄ (ከኮምቦልቻ፣ ከቴክስታይል ሰፈር)፦ ባትማን አርካም አሳይለም ላይ ባጠፋው ጌሙ አይበላሽም? የሚጎድል ተልእኮ ይኖራል?

መልስ፦ ምንም አይጎድልም። የሚጠፋው መሬት ላይ ያለው ወረቀት ስትረግጠው መበተኑ፣ ጭሱ ሰው ሲያልፍበት መከፈሉ፣ የሸረሪት ድሩ መቀደዱ ነው። ጡጫው ያው ጡጫ ነው። እውነቱን ለመናገር ወረቀቱ ደስ ይለኝ ነበር፤ ግን በ18 ፍሬም ከሚያምር ወረቀት በ50 ፍሬም ባዶ ወለል ይሻለኛል።

እዚህ ላይ የምትለዩት ነገር አለ። ሁለት ዓይነት ፊዚክስ አለ። አንዱ ለጌጥ ነው፦ ፍንጣሪ፣ ጭስ፣ ጨርቅ፣ ጸጉር። ሌላው ጌሙ የቆመበት ነው፦ መኪና መጋጨቱ፣ ሰው ተመትቶ መውደቁ፣ ኳስ መንጠሩ። ማጥፊያ የሚሰጧችሁ የጌጡን ብቻ ነው። ስለዚህ «ፔስ ላይ (የእግር ኳሱ ጌም ላይ) የፊዚክስ ማጥፊያ አጣሁ» ያላችሁኝ ሦስት ልጆች፣ አብሽሩ፣ ድሮም የለም። የኳሱን ፊዚክስ ብታጠፉት ምን ልትጫወቱ ነው? እናንተ ከጌሙ ውጭ ያለውን የሴቲንግ ፕሮግራም ክፈቱና ጥራቱን ወደ ሎው፣ ሪዞሉሽኑንም አንድ ደረጃ ዝቅ አድርጉ።

ጥያቄ፦ ታዲያ ፊዝኤክስን ከነጭራሹ አንኢንስቶል ባደርገውስ?

መልስ፦ ተው! ብዙ የድሮ ጌም እሱ ከሌለ ጭራሽ አይከፈትም። ከጌሙ ሴቲንግ ነው የሚጠፋው። ከሚመጡልኝ «ጌሙ እምቢ አለኝ» ከሚሉ ኮምፒውተሮች ውስጥ «አጸዳሁ» ብለው እሱን ያጠፉ አሉበት።

ጥያቄ (ከቧንቧ ውሃ)፦ ወንድሜ ከዱባይ አርቲኤክስ 5060 የሚባል የኢንቪዲያ ካርድ ያለበት አዲስ ኮምፒውተር አመጣልኝ። አዳዲሱ ጌም ሁሉ ይበርራል፤ የ2012ቱ ቦርደርላንድስ 2 ግን ፍልሚያ ላይ ይንቀራፈፋል። አሮጌው ኮምፒውተሬ ላይ እንዲህ አልነበረም። ወንድሜ ተሸውዶ ይሆን?

መልስ፦ አልተሸወደም፣ ዱዓ አድርግለት። ኢንቪዲያ በ2025 የ50ዎቹን ካርዶች ሲያወጣ ባለ 32 ቢት ጌሞች (በድሮው አሠራር የተጻፉት) ካርዱን ለስሌት የሚጠቀሙበትን መንገድ ዘጋው። ቦርደርላንድስ 2 ደግሞ ባለ 32 ቢት ነው። ስለዚህ የእሱ ፊዝኤክስ ያን የሚያህል ካርድ ተቀምጦ ወደ ፕሮሰሰር ተባረረ፤ ከላይ የነገርኩት የአንድ ኮር ጣጣ ያገኘው በዚህ መንገድ ነው። ሰዉ ብዙ ጮኸ። በዚያው ዓመት ታኅሣሥ አካባቢ በወጣ ድራይቨር (ካርዱን የሚያሠራው ፕሮግራም) ለተወሰኑ ጌሞች መልሰውታል፤ ቦርደርላንድስ 2ም ማፊያ 2ም ውስጡ አሉ። ድራይቨርህን አድስ። ኢንተርኔቱ አላወርድ ካለህ ለጊዜው የጌሙን ፊዝኤክስ ሎው ላይ አድርገው፣ ያው ይሄዳል።

ጥያቄ (የወሎ ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነኝ)፦ ካርዴ ኤኤምዲ ነው። ዊቸር 3 ላይ ጥሩ ይሄድና ዋናው ገጸ ባሕርይ ጌራልት ከቅርብ ሲታይ ወይም ተኩላ ሲመጣ ወደ ታች ይወርዳል።

መልስ፦ ጸጉር ነው የኔ እህት። ሄርወርክስ የሚል አማራጭ አለ፣ የኤኤምዲ ተፎካካሪ የኢንቪዲያ ሥራ ነው። እያንዳንዱን ዘለላ በጣም ይከፋፍለዋል፤ ኤኤምዲ ካርዶች ደግሞ በተለይ የድሮዎቹ እንዲህ ዓይነት መከፋፈል አይሆንላቸውም። ተኩላው ጸጉራም ነው፣ ሲጠጋሽ ሥራው ይበዛል። ኦፍ አድርጊው። «የጌራልት ጸጉርስ!» ካልሽ ለእሱ ብቻ የሚለውን ምረጪና ኤኤምዲ ሶፍትዌሩ ውስጥ ለዚህ ጌም ቴሰሌሽን የሚለውን (ያው መከፋፈሉን ነው) በ8 ወይም በ16 ገድቢው። በዓይን ልዩነቱን ለማየት መነጽር ያስፈልግሻል።

ጥያቄ (ከኮምቦልቻ)፦ ያልከውን ሁሉ አጥፍቻለሁ። የመጀመሪያው አሥር ደቂቃ ጥሩ ነው፣ ከዚያ ይሞታል። ጠዋት ደግሞ ይሻለዋል።

መልስ፦ ያንተ ፊዚክስ አይደለም፣ ሙቀት ነው። ፕሮሰሰሩ ሲግል ራሱን ለማትረፍ ፍጥነቱን ይቀንሳል።

ሳቅ የሚያስቀኝ ነገር አለ። የኮምቦልቻ ደንበኞቼ «እዚያ ስታክ ያደርጋል» ብለው ላፕቶፑን ይዘው የሀረጎን ዳገት ይወጣሉ፤ እኔ ጋ ሲከፈት ምንም የለበትም። ይዘውት ሲወርዱ ይመለስበታል። መንገዱ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ቢሆን ነው፣ ግን በከፍታ ስድስት መቶ ሜትር ያህል ትለያላችሁ። ጦሳ ተራራ ሥር በጃኬት ተቀምጬ የምሞክረው ላፕቶፕና እናንተ ጋ በቲሸርት የምትጫወቱበት አንድ ሊሆን አይችልም። አሁን ልማድ አድርጌዋለሁ፤ የኮምቦልቻ ላፕቶፕ ከመጣ ግማሽ ሰዓት ጌም ከፍቼ ሳላግለው አልመልስም።

ፋኑን አስጠርግ፣ ፕሮሰሰሩ ላይ የሚቀባውን ሙቀት አስተላላፊ ፔስት አስቀይር፣ አልጋ ላይ አድርገህ አትጫወት፤ ፍራሹ ሥሩ ያለውን መተንፈሻ ይደፍነዋል። ፍሬሙን በ30 ወይም በ40 ብትገድበው ደግሞ ሙቀቱ ራሱ ይቀንሳል።

ጥያቄ፦ ችግሩ ከፕሮሰሰር ይሁን ከግራፊክስ እንዴት አውቃለሁ? ሁሉንም ነገር ሎው አድርጌም ለውጥ የለም።

መልስ፦ ከመጡት ሁሉ የወደድኩት ይሄን ነው። የፍሬም ቁጥር የሚያሳይ ነገር ክፈት፤ ስቲም ላይ አለ፣ ኤምኤስአይ አፍተርበርነርም ያሳያል። አሁን ሪዞሉሽኑን ብቻ ከ1080 ወደ 720 አውርደው። ቁጥሩ ወደ ላይ ከወጣ የተጨናነቀው ግራፊክሱ ነበር፤ ጥላ፣ ሳር፣ ጠርዝ ማለስለሻ ቀንስ። ቁጥሩ እዚያው ከቆመ ፕሮሰሰሩ ነው፤ ያኔ ፊዚክሱን አጥፋ፣ የሰውና የመኪና ብዛቱን ቀንስ። ጂቲኤ 5 የሚንቀራፈፍባችሁ ብዙዎቻችሁ ይቺን የሕዝብ ብዛት የምትለዋን ሳትነኩ ሌላውን ሁሉ አበላሽታችሁታል።

አንድ በአንድ ነው የሚነካው። አምስት ነገር በአንዴ ከቀየርክ የትኛው እንደጠቀመህ በምን ታውቃለህ? ማፊያ 2፣ ሜትሮ 2033ም ሆነ ባትማን ውስጣቸው የራሳቸው የፍሬም መለኪያ ስላላቸው በፊትና በኋላ አስሂደህ ቁጥሩን ወረቀት ላይ ጻፍ። ቴክስቸርን (ግድግዳው፣ ልብሱ ላይ የሚለጠፈውን ምስል) ደግሞ መጀመሪያ አትንኩት። የካርዱ ሚሞሪ እስከበቃ ድረስ ቴክስቸር ፍሬም አይበላም ማለት ይቻላል፤ እናንተ ግን ሁልጊዜ እሱን ቀንሳችሁ ጌሙን ጭቃ ታስመስሉታላችሁ።

ለብቻው ካርድ የሌላችሁ፣ ግራፊክሱ ራማችሁን ነው የሚጋራው። አንድ ባለ 8 ጊጋ ከምታስገቡ ሁለት ባለ 4 አስገቡ፤ ወደ ራሙ የሚወስደው መንገድ ሁለት ይሆናል።

ጥያቄ፦ መብራት ሲሄድ በባትሪ ስጫወት ወዲያው ይወርዳል።

መልስ፦ ባትሪ ላይ ላፕቶፑ ራሱ አቅሙን ይቀንሳል። መብራቱ እስኪመጣ ቡና ጠጣ።

ጥያቄ (ከአራዳ)፦ የኔ ተቃራኒ ነው። የድሮው ስካይሪም ላይ የፍሬም ገደቡን አነሳሁትና ከ100 ፍሬም በላይ ሆነ፤ አሁን ቤት ስገባ ሳህኑም ወንበሩም ይበርራል።

መልስ፦ ጂን አይደለም። የ2011ዱ ስካይሪም ፊዚክሱ ከፍሬሙ ጋር የታሰረ ነው፤ በ60 ፍሬም ነው የተሰላው። ከዚያ ስታሳልፈው ስሌቱ ይዛባና ሳህኑ ይነሳል። ገደቡን ወደ 60 መልሰው።

ጥያቄ፦ እናት ነኝ፣ ጌም አላውቅም። ልጄ ላፕቶፑ ላይ የሚገባ «ካርድ ግዢልኝ» እያለ እንቅልፍ ነሳኝ። ልግዛለት?

መልስ፦ አይግዙ እናቴ። ላፕቶፕ ውስጥ ያለው ግራፊክስ አብዛኛውን ጊዜ ቦርዱ ላይ የተበየደ ነው፤ ካርድ ተገዝቶ አይገባም። የሚሸጥልዎት ቢገኝ እንኳ ላፕቶፑ አይቀበለውም። ምን እንደሚጫወት ይጠይቁትና የጌሙን ስም ይላኩልኝ። ወይም ቅዳሜ ከሰዓት ላፕቶፑን ከነቻርጀሩ ይዞ ይምጣ፤ ፋኑንም እጠርግለታለሁ፣ ፊዝኤክሱን እራሱ እንዲያጠፋው አሳየዋለሁ።