ዛፍ ውስጥ የተቀመጠ ውሃ

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ባለፈው እትም ስለ ፓስፊክ አቶሎች (ጥቃቅን የባሕር እንስሳት ከሠሩት ኮራል ከሚባል ድንጋይ ስለተሠሩት፣ ቀለበት ስለሚመስሉት ዝቅተኛ ደሴቶች) ሲጽፉ «ወንዝም ምንጭም የላቸውም» ብለው አለፉት። ታዲያ ሰዎቹ ምን ይጠጣሉ? አባቴ «የባሕሩን ነዋ፣ አፍልተው!» ይለኛል። እኔ አላመንኩትም።
የ11ኛ ክፍል ተማሪ፣ ከድሬዳዋ

መልስ፦ ልጄ፣ አለማመንሽ ልክ ነው፤ ለአባትሽ ግን በቀስታ ንገሪያቸው። የባሕር ውሃ ሲፈላ ጨውነቱ ይብሳል። የሚጠጣው እንፋሎቱ ነው፣ እሱም ተይዞ ከቀዘቀዘ።

የመማሪያ መጽሐፉን መልስ ጥቁር ሰሌዳ ላይ ስንት ዓመት ስስለው ኖሬያለሁ። ዝናቡ በኮራል ስብርባሪው ውስጥ ይሰርጋል፤ ከባሕሩ ውሃ ስለሚቀልም ከላዩ ይንሳፈፋል። ይህ የዝናብ ውሃ ከባሕር ጠለል 1 ሜትር ከፍ ካለ፣ ከጠለሉ በታች 40 ሜትር ገደማ ይወርዳል። ጉድጓድ ቆፍሮ ቀስ እያሉ መቅዳት ነው፤ የቸኮለ ጨዉን ከሥር ይስበዋል። ደሴቲቱ ጠባብ ከሆነች ግን ባሕሩ በሞላና በጎደለ ቁጥር ሁለቱ ውሃዎች እየተደባለቁ የሚጠጣው ይሳሳል።

ጠባብ ስል ፋካኦፎ ትዝ ትለኛለች፤ የኒውዚላንድ ግዛት ከሆነችው ከቶኬላው ሦስት አቶሎች አንዷ። ከሳሞአ በስተሰሜን 500 ኪሎ ሜትር ገደማ ትርቃለች፤ አውሮፕላን ማረፊያ የለም፣ በመርከብ ከአንድ ቀን በላይ ይፈጃል። የኮራሉ አጥር መርከብ የሚያስገባ በር ስለሌለው ሰውም ጭነትም በጀልባ ይሻገራል። ቀለበት ሠርተው የተደረደሩት ደሴቶች ብዙ ቢሆኑም፣ ሰው ከጥንት ጀምሮ በአብዛኛው የኖረው ፋሌ በምትባል አንዲት ቁራጭ መሬት ላይ ተጨናንቆ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1841 የአሜሪካ አሳሽ መርከበኞች እዚያ ደርሰው ውሃ ከየት እንደሚቀዳ ቢፈልጉ አጡ። ለካ ዛፍ ውስጥ ኖሯል! ዘመም ያለውን የኮኮናት ግንድ ከመሬት ጉልበት ያህል ከፍ ብለው ይቦረቡሩታል፤ ቅጠሉ ላይ የወረደው ዝናብ ግንዱን ተከትሎ እዚያ ይጠራቀማል። አንዱ ዛፍ 20 ሊትር ገደማ ይይዛል፤ አንድ ቢጫ ጀሪካን ማለት ነው። ይህን መጀመሪያ ሳነብ ዛፉ እንዴት አይሞትም ብዬ ተከራክሬ ነበር። ነገሩ ኮኮናት እንደ ዋርካ ውሃ የሚያመላልሰው በቅርፊቱ አካባቢ ብቻ አይደለም፤ ክሮቹ በግንዱ ሙሉ ተበትነዋል። ቢቦረቦርም ይኖራል።

የሚበላውም ከዚሁ ውሃ ጋር የተያያዘ ነው። ፑላካ የሚሉት ተክል የኛው ጎደሬ ዘመድ ነው፤ ቅጠሉ ግን ሰው ያስጠልላል። አፈር ስለሌለ ርጥበቱ እስኪገኝ ጉድጓድ ይቆፍሩና ቅጠላ ቅጠል እያበሰበሱ እዚያ ይተክሉታል። ማዕበል አጥሩን ዘሎ ጉድጓዱ ከገባ ያ ሁሉ ልፋት በጨው ይቃጠላል።

ዛሬ ቆርቆሮ ጣሪያ፣ አሸንዳና ታንከር አላቸው። ያም ቢሆን ዝናብ ከቀረ ባዶ ነው። እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2011 ድርቁ ጠንቶ ቶኬላው የአስቸኳይ ጊዜ አወጀች፤ የታሸገ ውሃና የባሕር ውሃን ከጨው የሚለይ ማሽን በመርከብ ተጫነላት።

እንግዲህ ለአባትሽ ግማሽ ነጥብ ስጫቸው። «የባሕሩን» ያሉት ለዚያ ሰሞን ይሠራል፤ «አፍልተው» የሚለውን ግን ሰርዤዋለሁ።