ሕሊናዬ ጦርነትን ይቃወማል፤ ከግብሬ ላይ መቀነስ እችላለሁ?

ጥያቄ፦ እምነቴ የሰው ሕይወት ማጥፋትን ይከለክለኛል። ከገቢ ግብሬ ውስጥ ለጦር ኃይሉ የሚውለውን ድርሻ አስልቼ ሳልከፍል ብቀር ሕግ ይደግፈኛል?

መልስ፦ ውድ ጠያቂዬ፣ ሕሊናዎን ከልብ አከብራለሁ። ስለዚህም ሳልሸፋፍን ልንገርዎ፤ ሕግ አይደግፍዎትም።

ጠመንጃ ላለማንሳት መብት ካለኝ ለጠመንጃው መግዣ ላለመክፈልስ ለምን መብት አይኖረኝም ማለትዎ አይቀርም። ክርክሩ ውኃ የሚያነሳ ነው። የተባበሩት መንግሥታት የሰብዓዊ መብቶች ኮሚቴ እ.ኤ.አ. በ1993 ባወጣው ማብራሪያ፣ ለውትድርና እምቢ የማለት መብት የሕሊናና የሃይማኖት ነፃነትን ከሚጠብቀው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ዓለም አቀፍ ቃል ኪዳን አንቀጽ 18 ሊመነጭ እንደሚችል ተቀብሏል። ግብርን በተመለከተ ግን በሩን ዘግቷል። ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ፣ ጦርነትን የሚቃወመው የኩዌከር ክርስቲያናዊ እምነት ተከታይ የሆነች ካናዳዊት የእርስዎኑ ጥያቄ ይዛ ቀርባ ነበር። ኮሚቴው የወታደራዊ ወጪን መቃወምና ተቃውሞን መግለጽ በአንቀጹ የተጠበቀ ነው፤ ግብር አልከፍልም ማለት ግን ከጥበቃው ውጭ ነው ብሎ አቤቱታዋን ሳይቀበለው ቀረ። የአውሮፓ የሰብዓዊ መብቶች ኮሚሽንም እ.ኤ.አ. በ1983 በተመሳሳይ ጉዳይ፣ ግብር ከፋዩ ገንዘቡ ለምን እንደሚውል ሊወስን አይችልም ብሏል።

ይህ ምክንያት እኔን ሙሉ በሙሉ አያረካኝም። ግብር ለጋራ ካዝና የሚገባ ገንዘብ ስለሆነ ብቻ የከፋዩ ሕሊና ከጉዳዩ ነፃ ይሆናል ብዬ አላምንም። ይሁን እንጂ ደንበኛዬን በእኔ እምነት ተማምኖ ፍርድ ቤት እንዲቆም አላደርግም።

ቀንሰው ቢከፍሉ የቀነሱት ገንዘብ ወለድና ቅጣት ተጨምሮበት ከባንክ ሂሳብዎ ይወሰዳል፤ ወደዚያው ወደሸሹት ካዝና ከቀድሞው በዝቶ ይገባል። ከሁሉ በላይ የምለምንዎ ገቢዎን እንዳይደብቁ ነው። በግልጽ አልከፍልም ያለ ሰው በአብዛኛው እንደ ባለዕዳ ይታያል፤ ገቢውን አሳንሶ ያስታወቀ ግን በግብር ማጭበርበር ወንጀል ይከሰሳል፤ ያን ጊዜ ሕሊናዬ ነው ቢል ማን ያምነዋል?

ስለዚህ ሙሉ ገቢዎን ያስታውቁ፣ ይክፈሉ፣ ከቅጹ ጋር የተቃውሞ ደብዳቤ ያያይዙ። ለበጎ አድራጎት የሚሰጥ ገንዘብ ከግብር ተቀናሽ የሚሆንበት ሕግ ካለ ይጠቀሙበት። እንደ እርስዎ ሕሊናቸው ጦርነትን የሚቃወም ሰዎች ግብር ለሰላማዊ ሥራ ብቻ የሚውልበት ልዩ ፈንድ እንዲቋቋም ለሕግ አውጪዎች መጻፍም ይችላሉ፤ በአሜሪካ ምክር ቤት እንዲህ ያለ ረቂቅ እ.ኤ.አ. ከ1972 ጀምሮ ሲቀርብ ኖሯል፣ ገና አልጸደቀም።

አስቀድመው የቀነሱት ካለ፣ የባንክ ሂሳብዎን የሚያግድ ደብዳቤ ሳይደርስዎ ራስዎ ወደ ግብር መሥሪያ ቤቱ ሄደው በየጊዜው ከፍለው የሚጨርሱበትን ስምምነት ይጠይቁ።